የእህታችን ስም

ስም ሊያጣላ እንደሚችል ያየነው ዘንድሮ በግቢያችን ሻይ ቤት ነው። ወሬው የተጀመረው እንደ ዋዛ ነበር። አንዱ ወዳጃችን ብርጭቆውን አስቀመጠና፣ «የድሮ ሰው ልጁን ሲሰይም ይናገር ነበር፤ የዛሬ ሰው ድምፅ ብቻ ያሰማል» አለ። አጨበጨብንለት። እኛማ የቋንቋ ተማሪዎች ነንና ከሁሉ አስበልጠን አጨበጨብን፤ ማስረጃም ደረደርንለት። በላይነሽ፣ አስናቀች፣ አበበች፣ ስንታየሁ፤ እነዚህ እኮ ስም ብቻ አይደሉም፣ ዓረፍተ ነገሮች ናቸው። በላይነሽ ስትባል አንዲት እናት የልጇን ፊት እያየች «አንቺ ከሁሉ በላይ ነሽ» ማለቷ ነው። ተናጋሪ አለ፣ ተነጋሪ አለ። የዛሬዎቹን ደግሞ አንድ በአንድ እያነሣን ተሳለቅንባቸው። ይኸኔ የታናሽ እህታችንን ስም ጠየቁን።

ናርዶስ።

ጠረጴዛው በሳቅ ተናወጠ። «ጴጥሮስ፣ ማርቆስ፣ ናርዶስ! ወንድ ናት ሴት?» ተባለ። እኛም አብረን ሳቅን። አንባቢ ይታዘበን፤ የገዛ እህታችንን ስም አሳልፈን ሰጥተን ሳቅን። ማታ ተኝተን ግን አንድ ነገር ከነከነን። ይህን ስም 15 ዓመት ሙሉ ስንጠራው ኖረናል፤ ከሽቶ አልፎ ምን እንደሆነ ግን አንዳችንም ጠይቀን አናውቅም።

በማግስቱ ቤተ መጻሕፍት ገባን። መጀመሪያ ያገኘነው ብዙ ሰው የሚያውቀውን ነው። በመኃልየ መኃልይ ውስጥ ናርዶስ ከቀረፋና ከከርቤ ጋር ይቆጠራል። በማርቆስ ወንጌል ምዕራፍ 14 ደግሞ አንዲት ሴት በቢታንያ፣ በስምዖን ቤት፣ የአልባስጥሮስ ቢልቃጧን ሰብራ በክርስቶስ ራስ ላይ ያፈሰሰችው እሱን ነው። ዋጋው ከ300 ዲናር በላይ ነበር። በማቴዎስ ምዕራፍ 20 የወይን ቦታ ሠራተኛ የቀን ምንዳው 1 ዲናር ስለሆነ፣ አንድ የቀን ሠራተኛ ዓመት ሙሉ ደክሞ የሚያገኘው ገንዘብ በአንድ ጊዜ ፈሰሰ ማለት ነው። በዚያ የነበሩት ሰዎች ለድሆች ቢሰጥ ይሻል ነበር ብለው ቢያጉረመርሙ ብዙም አይገርምም።

ያልጠበቅነው ከዚህ ቀጥሎ ያለው ነው። ቃሉ ወደ ግዕዝ የመጣው ከግሪክ ነው፤ መጨረሻው ላይ ያለችው «ስ» እንደ ጴጥሮስና እንደ ማርቆስ የግሪክ ናት። ነገር ግን በግሪክ ሰዋስው ናርዶስ አንስታይ ጾታ ነው! መልኩ የወንድ፣ ጾታው የሴት። (የሻይ ቤቱ ወዳጃችን ይህን ሲያነብ ምን ይል ይሆን?) ዕብራይስጡ «ኔርድ» ይለዋል። የቃሉን ዱካ የተከተሉ ሊቃውንት ወደ ኋላ ሄደው ሄደው የሚደርሱት ሕንድ ነው፤ በሳንስክሪት «ናላዳ» ይባላል። ስሙ የተጓዘው ሸቀጡን ተከትሎ ነው። ተክሉ የሚበቅለው በሂማላያ ተራሮች፣ በኔፓል፣ በቡታንና በሰሜን ሕንድ፣ ከ3000 እስከ 5000 ሜትር ከፍታ ላይ ነውና። ራስ ዳሸን ጫፍ ላይ ቆማችሁ ሽቅብ ብታዩ ከዚያም በላይ የሚበቅል አለ እንደ ማለት ነው። ቁመቱ አጭር ነው፤ አበባውም ያምራል። መዓዛው ግን ያለው አበባው ላይ አይደለም፤ መሬት ውስጥ፣ ጠጉራም ሥሩ ላይ ነው። ሥሩ ካልተቆፈረ ሽቶው የለም፤ ሥሩ ከተቆፈረ ደግሞ ተክሉ የለም። ስለዚህ እያለቀ ቢሄድ ጊዜ፣ በ1997 እ.ኤ.አ. ዓለም አቀፍ ንግዳቸው ቁጥጥር ከሚደረግባቸው ዕፅዋት መዝገብ ገብቷል።

በዚህ ደስ ብሎን ልንነሣ ስንል የማርቆስን ምዕራፍ ትንሽ ወረድ ብለን አነበብን። ክርስቶስ እዚያ ላይ ሴቲቱ ይህን ያደረገችው ሥጋውን አስቀድማ ለመቃብር ለማዘጋጀት እንደሆነ ይናገራል። ናርዶሱ የፈሰሰው ለቀብር ነው። መጽሐፉን ዘጋነው።

ለምን እንደ ደነገጥን ለማስረዳት የቤታችንን ነገር ማውጣት ግድ ይሆናል። እህታችን ስሟ አንድ አይደለም። በ80 ቀኗ ክርስትና ስትነሣ የወጣላትን ትተን (እሱን የሚያነሣው ቄሱ ብቻ ነው) አያታችን እምዬ «ናርዶስ» ብለዋት አያውቁም። ለእሳቸው ልጅቱ ምትኬ ናት። ከእሷ በፊት በ7 ወሩ ያረፈ ወንድም ነበረን። እኛ ልጆች ስለነበርን ትዝ የሚለን ቤቱ በሰው መሙላቱና ጎረቤት ቤት ማደራችን ብቻ ነው። እሷ ስትወለድ እምዬ ከገጠር መጡ፤ ገንፎውን አገነፉ፣ ቀበርቾውን አጨሱ፣ ሕፃኗን አቅፈውም «ምትኬ» አሉ። ባገራችን ሞት ከወሰደው ቀጥሎ ለሚወለድ ልጅ የሚወጣ ስም ነው፤ ካሣ፣ ማስረሻ፣ ምትኬ። ትርጉም ያለው ስም። በሻይ ቤት ያጨበጨብንለት ዓይነት!

ለፋሲካ ዕረፍት ቤት ስንሄድ እናታችንን ጠየቅናት። ሽንኩርት እየከተፈች ነበር፤ ቢላዋውን አላስቀመጠችም።

«በሕማማት ረቡዕ፣ የመልካም መዓዛ ቀን፣ ሲነበብ ሰማሁት። ገና ሆዴ ውስጥ ነበረች።»

«እምዬ ምትኬ ሲሏትስ ለምን አልተቀበልሽም?»

ዝም አለች። ከዚያ፣ «ምትኬ ብዬ በጠራኋት ቁጥር አቤት የሚለኝ እሱ ነው» አለች። «ደግሞ እሷ ምን ዕዳ አለባት? ገና ዓይኗን ሳትገልጥ የሰው ቦታ ሙዪ ትባላለች? ለእኔ ምንም የማይለኝ ስም ፈለግሁ። ሲጠሩት ደስ የሚል፣ በቃ።»

እኛ ስንሳለቅበት የከረምነው ባዶነት ለእሷ የታሰበበት ነገር ነበር። የድሮው ስም ዓረፍተ ነገር ነው ስንል የማን ዓረፍተ ነገር እንደሆነ አልጠየቅንም። ተናጋሪው ወላጁ ነው፤ የወላጁ ኀዘን፣ የወላጁ ድል፣ ከጎረቤት ጋር የነበረው ክርክር ሳይቀር በስም ይነገራል። ልጁ ያንን ተሸክሞ ዕድሜ ልኩን አቤት ይላል። በላይነሽ መባልም ቢሆን ቀላል ሸክም አይመስለንም። ይህን ስንል የእምዬን ስም እየናቅን አይደለም፤ እሳቸውም ልጅ ቀብረዋል፣ ሲያጽናኑ የሚያውቁት ቃል እሱ ነበር።

የማርቆስን ቁጥር ግን ለእናታችን አልነገርናትም። ያን ረቡዕ እስከ መጨረሻው ቆማ ሰምታ ከሆነ ታውቀዋለች። ካላወቀችም ከእኛ አትስማው።

ናርዶስ ራሷ ወለሉ ላይ ተቀምጣ እንቁላል እየላጠች ሁሉንም ትሰማ ነበር። የጠየቀችን ስለ ዋጋው ብቻ ነው። «ከ300 ዲናር በላይ» ስንላት ቀና ብላ፣ «ውድ ነኛ!» አለችና መላጧን ቀጠለች።

ማታ፣ ራት ላይ፣ ስለ ተራራውና ስለ ሥሩ አወራን። እምዬ ጆሯቸው ደከም ስላለ ጮኽ ብለን ነበር የምንናገረው።

«ምንድን ነው አላችሁት?»

«ሥር ነው እምዬ፤ የሚሸት ሥር። ደጋ ላይ የሚበቅል።»

«ተቆፍሮ የሚወጣ?»

«አዎ።»

«አድርቀው የሚያጨሱት?»

በአንዳንድ አገር እንደ ዕጣን ያጨሱታልና አዎ አልን። እምዬ መሶቡን ገፋ አድርገው ሁላችንንም ተራ በተራ አዩን።

«እና ቀበርቾ ነው አትሉኝም! ይኸን ሁሉ ዘመን ዝም ብላችሁኝ! ስትወለድ እኔው በእጄ አጭሼላት የለም እንዴ?»

በዕፅዋት ሊቃውንት ዘንድ ቀበርቾና ናርዶስ አንድ ቤተሰብ አይደሉም። እሳቸውን ግን ማን ይከራከራል? እናታችን ወደ ጓዳ ገባች፤ ስትስቅ ሰማናት።

በማግስቱ ጠዋት የቡናው ፍም ሲደክምባቸው እምዬ እሳት የሚጭርላቸው ሰው ፈልገው ይጣራሉ።

«ቀበርቾ! አንቺ ቀበርቾ!»

ናርዶስ «አቤት» ብላ ሄደች።