ናርዶስ ስለ ተባለው የሕፃን ስም ያደረግነው ምርመራ

በአዳማ ከተማ የምትኖረው የእኅታችን ልጅ ባለፈው ክረምት ሴት ልጅ በተገላገለች ጊዜ፤ የሴት ልጅ ክርስትና በሰማንያ ቀን ነውና፤ ቤተ ዘመዱ ስም ለመምረጥ ሰፊ ጊዜ ያለው መስሎት ነበር። ነገር ግን ስሙ ራሱ ጠብ አመጣና ቀኑ እየቀረበ ሲሄድ ሕፃኒቱ ገና ስም አልወጣላትም። በችሎት ጸሐፊነት ስንኖር የርስትና የውርስ ክርክር ብዙ ጽፈናል፤ ስለ አራት ፊደል ሙግት ሲነሣ ግን ያየነው ያን ጊዜ ነው።

አባትዮው «ናርዶስ» የሚለውን ስም መርጦ፤ ከገበያ የገዛትን የሕፃናት ስም የተዘረዘረባትን ትንሽ መጽሐፍ አሳየን። በመጽሐፏ እንደ ተጻፈው ቃሉ ከሳንስክሪት ቋንቋ የመጣ፤ ሥሩም ናራዳ የሚባል ስም፤ ትርጓሜውም «ጥበብን የምታድል» ነው። ናራዳ ማን እንደ ሆነ የጠየቁት የአባትዮው እናት ናቸው፤ በቤቱ ሁሉም በኦሮምኛ «አኮ» እያለ ይጠራቸዋል። ልጃቸውም ሳይጠነቀቅ፤ በህንዶች መጻሕፍት በገና የመሰለ ነገር እየመታ በአማልክትና በሰዎች መካከል የሚመላለስ ጠቢብ ነው ብሎ መለሰ። አኮ ሕፃኒቱን ከጉልበታቸው አንሥተው ለእናትዋ ሰጡና፤ «የጣዖት ስም በልጅ ልጄ ላይ ከወጣ በክርስትናዋ ቀን አልገኝም» አሉ።

እኛም ዝም ማለት ሲገባን ዝም አላልንም። በልጅነታችን በመሪጌታ እግር ሥር ዳዊት የደገምን፤ ኋላም በሚሲዮን ትምህርት ቤት እንግሊዝኛ የተማርን ነንና፤ ሁለተኛው ቡና ሳይቀዳ «ይህ ስም ንጹሕ ግዕዝ ነው፤ ከህንድ ጋራ ምንም ጉዳይ የለውም፤ የአልዓዛር እኅት ማርያም የጌታን እግር የቀባችበት ሽቱ ነው፤ ዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 12ን ተመልከቱ» ብለን ፈረድን። አኮ ተጽናኑ፤ አባትዮው ግን በሰው ፊት እንዳፈረ ስላየነው ነገሩ ከነከነን።

ሌሊት ወንጌሉን ገልጠን ቃሉን ደጋግመን ስናነበው ፍርዳችን በገዛ እጃችን ፈረሰ። በመጨረሻው ያለው «ስ» በማርቆስ፤ በጳውሎስና በጴጥሮስ መጨረሻ ያለው ነው፤ ይህም የጽርዕ ቋንቋ ምልክት እንጂ የግዕዝ አይደለም። ወንጌል ወደ ግዕዝ የተመለሰው ከጽርዕ ስለ ሆነ ቃሉ እንዳለ ገብቷል። በዕብራይስጡ መኃልየ መኃልይ ደግሞ ይኸው ሽቱ «ኔርድ» ተብሏል፤ «ስ» የለበትም።

ታዲያ ጽርዕና ዕብራይስጥ ከወዴት አገኙት? ተክሉ በግሪክም በቅድስት አገርም አይበቅልም፤ የሚበቅለው በሂማላያ ተራሮች፤ ከባሕር ወለል ከ3000 ሜትር በላይ፤ በኔፓል፤ በቡታንና በሰሜን ህንድ ነው። ሽቱው የሚወጣው ከሥሩ ነው። ከዚያ ድረስ ስለሚመጣም ነው በወንጌል ዋጋው 300 ዲናር የተባለው።

በአዲስ አበባ የሚያስተምር አንድ ወዳጃችን፤ ሞኒየር ዊሊያምስ የተባለው እንግሊዛዊ ሊቅ ያዘጋጀውንና በ1899 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር የታተመውን የሳንስክሪት መዝገበ ቃላት ገልጦ የገጹን ሥዕል በስልክ ላከልን። በዚያ «ናለዳ» የሚል ቃል አለ፤ የዚያው ተክል ስም ነው፤ አታርቫ ቬዳ በሚባለው እጅግ ጥንታዊ መጽሐፋቸውም ይገኛል። ከቋንቋ ሊቃውንትም ብዙዎቹ የዕብራይስጡንና የጽርዑን ቃል ከዚህ ያመጡታል፤ «ለ» በመንገድ ወደ «ረ» ተለውጧል ይላሉ። ናራዳ ግን በዚያው መጽሐፍ በሌላ ስፍራ የቆመ ሌላ ቃል ነው። በጽርዕም በዕብራይስጥም ቃሉ ሽቱውንና ተክሉን ይጠራል እንጂ በገና የሚመታ ሰው የሚያስታውስ ነገር የለውም። የስም መጽሐፏ ጸሐፊ ድምፁ ስለ ተቀራረበለት ብቻ ሁለቱን አንድ አደረጋቸው፤ ትርጓሜውንም ከወዴት እንዳመጣው እንጃ።

ከህንድ ጋራ መገናኘታችንም አዲስ ነገር አይደለም። በአንደኛው ምእት ዓመት የተጻፈው የኤርትራ ባሕር መምሪያ የአዱሊስን ወደብ ሲያወሳ፤ ከህንድ ወደቦች ናርዶስ እንደሚጫንም ይናገራል። በደብረ ዳሞም በ1940 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከመቶ የሚበልጡ የኩሻን ነገሥታት የወርቅ ገንዘቦች ተገኝተዋል።

የክርስትናው ቀን አምስት ቀን ሲቀረው ወደ አዳማ ወረድን። መሳሳትን በአደባባይ መናዘዝ ለጸሐፊ ሰው ቀላል አይደለም፤ ስንፈርድ የሰሙን ሁሉ ግን ስንመለስ እንዲሰሙን አስጠራናቸው። ለአባትዮው፤ «ከሳንስክሪት ነው ያልከው እውነት ሆኖ ተገኝቷል፤ እኛ ተሳስተናል፤ ናራዳና ትርጓሜው ግን ሐሰት ነው» አልነው። ለአኮም ቃሉ ከህንድ አገር መምጣቱን ሳንሸሽግ ነገርናቸው። ፊታቸው ጠቆረ።

በዚያን ጊዜ ሰንደል ከረከቦቱ አጠገብ ይጤስ ነበርና፤ «አኮ፤ ይህ ሰንደል የሚባለው ስምም እኮ በዐረብኛ በኩል ከህንዶች ‹ቻንዳና› የመጣ ነው» አልናቸው። ስኳሩንም አሳየናቸው፤ በአጠገባችን በወንጂ በ1946 ዓ.ም. ፋብሪካ የተከፈተለት ስኳር በሳንስክሪት «ሻርካራ» ይባል ነበር፤ የመጀመሪያ ትርጓሜውም ጠጠር ነው፤ በፋርስና በዐረብ በኩል ዞሮ እኛ ዘንድ ደረሰ።

አኮ ሲኒያቸውን አስቀመጡና፤ «ሰው ነው ወይስ ተክል? እሱን ብቻ ንገሩኝ» አሉ። ተክል ነው አልን።

«ይህ ከተማ ናዝሬት ሲባልም እኛ አዳማ ነበር የምንለው» አሉ። ከተማው በ2000 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በሕግ የተመለሰለት ይህ ስም፤ ቁልቋል ከሚመስለው «አዳሚ» ከሚባለው ተክል መጣ ይባላል። «እሾኻም ተክል ለከተማ ስም ከሆነ፤ ሽታው ያማረ ለልጅ ቢሆን ምን አለ?» ብለው ሕፃኒቱን አምጡልኝ አሉ። አባትዮው ተነሥቶ ጉልበታቸውን ሳመ።

በሰማንያው ቀን ካህኑ የክርስትና ስሟን ወለተ ማርያም አሏት፤ ለቤት ናርዶስ ሆነች። ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ አኮ ሕፃኒቱን እንዳቀፉ ወደ እኛ ዘወር ብለው፤ «እርስዎ ይህን ሁሉ መርምረዋል፤ ለመሆኑ ሽታው ምን ይመስላል?» ሲሉ ጠየቁን። ከመካከላችን አሽትቶት የሚያውቅ አንድ ሰው አልተገኘም።