በዘፈኑ መጨረሻ የተሰማ አማርኛ

ዘፈን የሚያደምጥ ሰው ሁሉ አንድ ዓይነት ጆሮ የለውም። አንዱ ዜማውን ይከተላል፤ ሌላው ከበሮውን ይቈጥራል፤ ሦስተኛው ደግሞ ግጥሙን ይመረምራል። እኛ ግን አሁን ልንጽፍበት ከተነሣነው ዘፈን ውስጥ ቀልባችንን የሳበው ከነዚህ ከሦስቱ አንዱም አይደለም፤ በመጨረሻው ላይ፥ የእንግሊዝኛው ቃል ሁሉ ካለቀ በኋላ፥ ድንገት በአማርኛ የሚናገረው ድምፅ ነው። ዘፈኑ በካናዳ ተወልዶ ያደገው አቤል ተስፋዬ፥ በመድረክ ስሙ ዘ ዊክንድ የሚባለው፥ ግንቦት 19 ቀን 2007 ዓ.ም. ያወጣው «ዘ ሂልስ» ነው፤ ይኸውም «ኮረብቶቹ» ማለት ነው።

እኛም የኮረብታ ሰዎች ነንና ስሙ ሳይስበን አልቀረም። ቤታችን በየካ፥ ከፈረንሳይ ለጋሲዮን ወደ ላይ፥ መንገዱ ወደ እንጦጦ ዳገት ማቅናት በሚጀምርበት ስፍራ ነው። ዘፈኑን መጀመሪያ የሰማነው ግን በዚያ ሳይሆን ከመገናኛ ወደ ኮተቤ በሚሄድ ታክሲ ውስጥ ነበር። ነጂው ድምፁን እስከ ጫፍ ከፍቶት ስለ ነበረ፥ ከፊታችን የተቀመጡ አንዲት ነጠላ የለበሱ አሮጊት «ኧረ ይኸን ጩኸት ቀንስልን፥ ልጄ» እያሉ ሁለት ጊዜ ለመኑት። እሱም ሳይቀንስ ዘፈኑ ወደ ማለቂያው ደረሰ። በዚያን ጊዜ አሮጊቷ ፊታቸውን ወደ ድምፁ መለስ አደረጉና፥ «ውይ፥ ይኸስ የኛ ነው!» አሉ። በታክሲው ውስጥ ያለነው ሁሉ ሳቅን፤ ነጂውም ደስ ብሎት እንደ ገና ከመጀመሪያው አስጀመረው። አሮጊቷ ግን ሲጀመር አላወቁትም፤ እንዲያውም ሌላ ዘፈን መስሏቸው እንደ ገና ተቈጡ።

የዘፈኑ ጉዳይ በግብረ ገብ መምህር ፊት የሚያስመሰግን እንዳልሆነ አስቀድመን መናገር ይገባናል። አንድ ሰው ሌላ ወዳጅ ካላት ሴት ጋር በስውር ይገናኛል፤ የሚደውልላትም ሰው ሁሉ በተኛበት፥ ሌሊቱ ሊነጋ በተቃረበበት ሰዓት ነው። እውነተኛው ማንነቱ የሚገለጠው ራሱን ባደነዘዘ ጊዜ ብቻ እንደ ሆነ ይናገራል፤ ይህንንም የሚናገረው በኩራት ይሁን በኀዘን ለመለየት ያስቸግራል። ዜማውን አብረውት ያቀናበሩት ማኖና ኢላንጀሎ የተባሉት ባለሙያዎች ሲሆኑ፥ አሠራሩም ከቃሉ ጋር የተስማማ ነው። ከበሮው እጅግ ዝግ ብሎ ይረግጣል፤ የዘፋኙ ድምፅ ቀጭንና ከፍ ያለ ሆኖ በላዩ ላይ ይንሳፈፋል። ወደ አዝማቹ ሲደርስ ግን ወፍራሙ ድምፅ የማጉያው ሸራ የተቀደደ እስኪመስል ድረስ ይጐረብጣል። ፊልሙም ከዚሁ አይለይም፤ መኪና ተገልብጦ ይታያል፤ ዘፋኙ ከውስጡ ተስቦ ይወጣና በጨለማ መንገድ ላይ ይሄዳል። ይህ ሁሉ አስፈሪ ነገር ሆኖ ሳለ ሕዝቡ ወደደው። ቢልቦርድ የተባለው የአሜሪካ መጽሔት በሚያወጣው የዘፈኖች ተራ 6 ሳምንት በ1ኛነት ቈየ፤ ከዚያ ቦታ ላይ ያስለቀቀውም የራሱን የአቤልን ሌላ ዘፈን ነበር።

ኮረብቶቹ የተባሉት በካሊፎርንያ፥ ሆሊውድ ከሚባለው የሲኒማ ከተማ በላይ ያሉት፥ ባለጠጎችና ስመ ጥር ሰዎች ቤታቸውን የሠሩባቸው ናቸው። ነገር ግን ስሙ ሌላም ነገር ያስታውሳል። በ1977 በአውሮፓ አቆጣጠር የወጣ «ኮረብቶቹ ዐይን አላቸው» የሚባል አስፈሪ ፊልም አለ፤ በ2006ም እንደ ገና ተሠርቷል። አቤል ይህን አሳብ ወስዶ በስውር የሚሠራውን ሥራ ኮረብታው ያየዋል ይለናል። እኛ «ግድግዳም ጆሮ አለው» እንደምንለው መሆኑ ነው፤ ልዩነቱ የኛ ግድግዳ መስማቱ፥ የእሱ ኮረብታ ማየቱ ነው።

ዐይን ያለው ኮረብታ ለየካ ሰው እንግዳ ነገር አይደለም። ምኒልክ ገና የሸዋ ንጉሥ ሳሉ ከተማቸውን በእንጦጦ ላይ የቈረቈሩት ብርድና የውሃ እጥረት ጠፍቷቸው ሳይሆን፥ ከዚያ ከፍታ ላይ ሆኖ በስተ ደቡብ የሚመጣውን ሁሉ ማየት ስለሚቻል ነው። በ1882 ዓ.ም. በእንጦጦ ማርያም ዘውድ የጫኑትም ከዚያው ከማያው ተራራ ሳይወርዱ ነው። ዛሬም ቢሆን በእንጦጦ ላይ እያንዳንዳቸው የ1 ሜትር ስፋት ያለው መስተዋት የተገጠመላቸው ሁለት ቴሌስኮፖች ቆመዋልና፥ ኮረብታችን በእርግጥ ዐይን አውጥቷል ማለት ይቻላል፤ የሚያየው ግን ኮከብን እንጂ የሰው ገመና አይደለም። ከፈረንሳይ ለጋሲዮን በላይ ባለው ዱር ውስጥ በስውር የሚገናኙ ወጣቶች ይህን ቢያውቁ ደስ ይላቸዋል።

አሁን ወደ ባለ ዘፈኑ እንመለስ። አቤል የተወለደው የካቲት 9 ቀን 1982 ዓ.ም. በቶሮንቶ ሲሆን፥ ያደገው ከከተማይቱ በስተ ምሥራቅ ባለው በስካርቦሮ ነው። ወላጆቹ በደርግ ዘመን አገራቸውን ትተው ከወጡት ብዙ ሰዎች መካከል ናቸው። እናቱ ለኑሮ ሲሯሯጡ ልጁን በቅርብ የተንከባከቡት አያቱ ነበሩ፤ ስለዚህ አፉን የፈታው በአማርኛ ነው። በአንድ ወቅት ለጋዜጠኞች ሲናገር፥ በቤታቸው ቡና ሲፈላና ፈንድሻ ሲቀርብ የአስቴር አወቀና የሙላቱ አስታጥቄ ሙዚቃ ይሰማ እንደ ነበረ፥ የዚህንም ውበት ያወቀው ከቤቱ ከራቀ በኋላ እንደ ሆነ፥ አዘፋፈኑም ከሌላው የተለየው ከዚሁ የተነሣ እንደሚመስለው ገልጿል። እኛም ይህን ካነበብን በኋላ ዘፈኑን ደግመን ብናደምጠው፥ ድምፁ በአንድ ቃል ላይ ቈይቶ ሲንቀጠቀጥና ሲታጠፍ የአስቴርን ቅላጼ ያገኘን መሰለን። ምናልባት ጆሮ የሚፈልገውን ይሰማ ይሆናል፤ ቢሆንም ትዝታን ያደመጠ ሰው ይህን ለመስማት ብዙ አይቸገርም።

ልጁ በ17 ዓመቱ ትምህርቱን አቋርጦ ከቤት ወጣ፤ የወጣውም በሳምንት መጨረሻ ቀን ስለ ነበረ የመድረክ ስሙን ከዚያው ወሰደ። ነገር ግን በዚያ ስም የሚጠራ ሌላ የካናዳ የሙዚቃ ቡድን ቀድሞ ስለ ተገኘ አንዲት ፊደል ከስሙ ላይ ጐደለች። (የኔታ ቢሆኑ ኖሮ ፊደል ለሚያስቀር ተማሪ አርጩሜያቸው ቅርብ ነበረች፤ በካናዳ ግን ፊደል መግደፍ ሀብት ያስገኛል ማለት ነው።) በ2011 በአውሮፓ አቆጣጠር ያወጣው የመጀመሪያው የዘፈን ስብስብ በነጻ የታደለ ሲሆን፥ ውስጡም ሱክሲ ኤንድ ዘ ባንሺስ ከተባለው የእንግሊዝ የሮክ ቡድን የተቀነጨበ ዜማ አለበት። እንግዲህ ከአንድ ወገን የለንደን ሮክ፥ ከሌላው ወገን የአስቴር ዜማ፥ ከመካከልም የቶሮንቶ ብርድ ነበረ ማለት ነው።

ይህን ዘፈን በክፍል ውስጥ ያነሣንበት ምክንያት ተማሪዎቻችን ናቸው። ስለ ሰምና ወርቅ ስናስተምር አንዲት ልጅ እጇን አነሣችና፥ «መምህር፥ በ‹ዘ ሂልስ› መጨረሻ ላይ ያለው አማርኛ ሰም ነው ወርቅ?» ብላ ጠየቀች። ክፍሉ በሳቅ ተሞላ፤ እኛ ግን ጥያቄው አሳሰበን። በልማዳችን ባለቅኔው ለሁሉ የሚሰማውን ሰም ፊት ለፊት አኑሮ ወርቁን ከሥሩ ይቀብራል። ሰሙም ወርቁም በአንድ ቋንቋ ናቸው፤ የሚለያቸው የአድማጩ አእምሮ ነው። በዚህ ዘፈን ውስጥ ግን ነገሩ ተገለበጠ። በመጨረሻ የተነገሩት ጥቂት የአማርኛ ቃላት ምንም የተሰወረ ፍች የለባቸውም፤ ፍቅረኛ ለፍቅረኛው፥ እናትም ልጇን ስታባብል በየቀኑ የምትላቸው የፍቅርና የቁልምጫ ቃላት ናቸው። የተሰወሩት ቋንቋው ለሚልዮኖች አድማጮች ዝግ በመሆኑ ብቻ ነው። ሰውየው አራት ደቂቃ ያህል በእንግሊዝኛ «አልወድሽም፥ አትመኚኝ» የሚል ዓይነት ነገር ሲናገር ይቈይና፥ ማንም በማይሰማበት ቋንቋ የተገላቢጦሹ ይነገራል። «እንግዲያስ ወርቅ ነው» አለች ልጅቱ፤ «በእንግሊዝኛ ዋሽቶ በአማርኛ እውነቱን ተናገረ።»

ከኋላ የተቀመጠ ሌላ ተማሪ ግን ተነሥቶ ተከራከረ። «እሱ ለእኛ ብሎ አይደለም» አለ። «ዘፈኑ አስፈሪ ነው፤ ፈረንጅ የማያውቀው ቋንቋ በመጨረሻ ሲሰማ ይበልጥ ያስፈራል። አማርኛችን ማስፈራሪያ ሆነ እንጂ ምን ከበረ?»

ይህን ክርክር አቃለን አናየውም። ቃሉን ለማይሰማ ሰው ያ ድምፅ ምናልባት እንደ አስማት ወይም እንደ ሟርት ይሰማው ይሆናል፤ ለየካዋ አሮጊት ግን የቤቷ ቃል ነው። አንዱ ድምፅ በአንዱ ጆሮ ጥላ፥ በሌላው ጆሮ ብርሃን ይሆናል። ይሁን እንጂ የዘፈኑ ዓላማ ማስፈራራት ብቻ ቢሆን ኖሮ ማናቸውም ያልታወቀ ቋንቋ፥ ማናቸውም ትርጕም የለሽ ድምፅ ይበቃ ነበር፤ የግድ የመውደድ ቃል መሆን አላስፈለገውም። አያት ያሳደገው ልጅ ደግሞ የመውደድን ቃል መጀመሪያ ከማን አፍ እንደ ሰማ ሁላችንም እናውቀዋለን። ከዚህም ሌላ በ2008 ዓ.ም. ይኸው ሰው በቶሮንቶ ዩኒቨርሲቲ ስለ ኢትዮጵያ ለሚሰጠው ጥናት 50,000 ዶላር ለገሰ፤ በ2009 ዓ.ም. በዚያው ዩኒቨርሲቲ የግዕዝ ትምህርት ተጀመረ። በማስፈራሪያነት ብቻ ላወቀው ቋንቋ እንዲህ ያለ ገንዘብ የሚያወጣ ሰው ያለ አይመስለንም። ተማሪያችን ይህን ከነገርነው በኋላም አልተረታም፤ «ገንዘቡ ሌላ፥ ዘፈኑ ሌላ» ብሎ ተቀመጠ። ለዚህ መልሱ እርማት ሳንሰጠው አለፍን።

እኛን በግላችን የሚከነክነን ግን ሌላ ነገር ነው። በዚያ ዘፈን ውስጥ ያለው አማርኛ ጥቂት ቃል ብቻ ነው፤ እሱም መጨረሻው ላይ፥ ድምፁ እየጠፋ በሚሄድበት ስፍራ ነው። በውጭ አገር የሚወለዱት ልጆቻችን የሚተርፋቸው ቋንቋ ይህን ያህል ብቻ ይሆን? በእንጦጦ ላይ የምናየው ባሕር ዛፍ በዐፄ ምኒልክ ዘመን ከአውስትራልያ የመጣ ነው፤ ዛሬ የእንጦጦን ስም ስንጠራ እሱን ሳናስብ አንውልም፤ ከጥንቱ ጽድና ወይራ ይልቅ እሱ ባለ አገር መስሏል። ቡቃያ በተተከለበት አፈር ይለመልማል፤ የመጣበትንም አገር ወሬ የሚጠይቀው የለም። ልጅ ግን ዛፍ አይደለምና፥ ይጠየቃል፤ ራሱም ይጠይቃል።

የእኅታችን ልጅ ቶሮንቶ ነው የተወለደችው፤ ዕድሜዋ 14 ነው። አማርኛ ትሰማለች፤ መልሱን ግን በእንግሊዝኛ ትሰጣለች። እናታችን፥ አያቷ ማለት ነው፥ ከእኛ ጋር በየካ ስለሚኖሩ ዘወትር እሑድ በስልክ ይነጋገራሉ፤ እናታችን በአማርኛ ይጠይቃሉ፥ ልጅቱ በእንግሊዝኛ ትመልሳለች፥ እኛም በመካከል ተቀምጠን እናስተረጕማለን። ባለፈው ጊዜ ልጅቱ ትምህርት ቤት ውስጥ ጓደኞቿ የዚያን ዘፈን መጨረሻ «ምን ማለት ነው?» ብለው እንደ ጠየቋትና፥ ትርጕሙን ብታውቀውም አፏን ሞልታ መናገር እንዳቃታት ነገረችን። ለእናታችን አስረዳናቸው። ስለ ሌሊቱ ግንኙነትና ስለ መጠጡ አልነገርናቸውም፤ ቃላቱን ብቻ ነገርናቸው።

«ይኸንንማ ከተወለድሽ ጀምሮ የምልሽ አይደለም ወይ፥ የኔ እናት?» አሉ እናታችን። «በይ እስቲ አንቺም በይኝ።»

ልጅቱ ጥቂት ዝም አለች። ከዚያ ሞከረች። ከነዚያ ቃላት ሁለቱ ‹ቀ› አለባቸውና በአፏ ‹ከ› ሆነው ወጡ።

«ከጕሮሮሽ አውጪው እንጂ፥ ልጄ! አትፍሪው፤ አይሰበርም።»

ሁለተኛው ሙከራ ሳል ሆነ፤ በወዲያኛው ወገን እኅታችን ስትስቅ ይሰማ ነበር። በሦስተኛው ‹ቀ›ዋ ወጣች። እናታችንም ልጅቱ ትንፋሿን ሳትሰበስብ፥ «በይ አሁን ደግሞ ‹ጠ›ን» አሉ።