የጆን አውድማና የእኛ አውድማ

አንባቢ ሆይ፣ ለዚህች መጽሔት አዘጋጅ ቃል የገባሁት ስለ አንድ ልቦለድ ልጽፍ ነበር። እርሱም «ከአራት ገጽ አትለፍ፤ ስቴንስል አይበቃንም» ብሎ አስጠንቅቆኛል። ስለ ልቦለዱ መጻፌ አይቀርም። ነገር ግን መጽሐፉ የቀሰቀሰብኝን ጉዳይ ወደ ጎን ትቼ ስለ ሴራውና ስለ ገጸ ባሕርያቱ ብቻ ባወራ በቀድሞው ውሸቴ ላይ ሌላ ውሸት መደረቤ ነው። ስለዚህ ከውሸቱ ልጀምር።

አሥራ አራት ዓመት በሞላኝ በሦስተኛው ሳምንት፣ በአንድ የአዳር ጸሎት ላይ፣ ምንም ሳይነካኝ እንደ ተነካ ሰው ሆኜ ወለል ላይ ወደቅሁ፤ በልሳንም ተናገርሁ።

ቤታችን ከአሰላ በላይ፣ ወደ ጭላሎ በሚያወጣው ተረተር ላይ ነው። ከተማይቱ ራሷ ከ2400 ሜትር በላይ ከፍታ ላይ የተቀመጠች ናት፤ ጭላሎ ከ4000 ይበልጣል፤ እኛ እንግዲህ በመካከሉ ነን። ገብስ፣ ባቄላና ብርድ። ጎረቤቶቻችን አብዛኞቹ ሙስሊም ኦሮሞዎች ናቸው፤ በአዳር ሌሊት የእኛ ጩኸት ሲያበቃ የእነርሱ አዛን ይጀምራል፤ በዚህ ምክንያት አንድ ቀን እንኳ ተጣልተን አናውቅም። (የተጣላነው በድንበርና በላም ነው።) ጸሎት ቤታችን ግድግዳው የጭቃ ምርጊት፣ ክዳኑ ቆርቆሮ ነበር። ዝናብ ሲጥል ሰባኪው ስለማይሰማ ሕዝቡ ሁሉ ለየራሱ ይጮኻል።

አባቴ በዚያች ቤት ሽማግሌ ነው። ሽማግሌነትን ያገኘው በዕድሜው ሳይሆን በእስሩ ነው። ደርግ የሙሉ ወንጌልን ጸሎት ቤቶች በ1974 ዓ.ም. ካሸገ በኋላ፣ ጴንጤ የተባለ ሁሉ በየቤቱ ተደብቆ በሚጸልይበት ዘመን፣ እርሱ የአሥራ ሰባት ዓመት ልጅ ነበር። «ግራ እጅህን አንሣና መፈክር በል» ሲሉት እምቢ ብሎ ስምንት ወር ታሰረ ይባላል። «ይባላል» ማለቴ እርሱ ራሱ ሲናገር ሰምቼ ስለማላውቅ ነው፤ የሚናገሩለት ሌሎች ናቸው። ከእስር ሲወጣ ደግሞ አያቴ ደጃቸውን ዘጉበት። አያቴ ዓርብ ረቡዕን የማይሽሩ፣ በማርያም ስም የሚምሉ ኦርቶዶክስ ነበሩ፤ «የመጤ ሃይማኖት ይዘህ ቤቴን አትርገጥ» አሉት። ሰባት ዓመት አልተነጋገሩም። አባቴ በአባቱ የተባረረ ልጅ መሆኑን ያወቅሁት ዘግይቼ ነው፤ ቀደም ብዬ ባውቀው ኖሮ ብዙ ነገር ይገባኝ ነበር።

የእንዲህ ያለ ሰው ልጅ መሆን ቀላል አይደለም። ታላቅ እኅቴ በአሥራ ሁለት ዓመቷ «ተሞላች»። እኔ ግን በየአዳሩ ጉልበቴ እየደነዘዘ የሰው ጫማ እቆጥር ነበር። አባቴ ተቆጥቶኝ አያውቅም። ዓይኑ ግን ከሰው ወደ ሰው ሲሄድ እኔ ዘንድ ሲደርስ እንደ ባዶ ወንበር ያልፈኛል። ቢመታኝ ይሻለኝ ነበር።

ያን ሌሊት ከጎኔ የነበረው ልጅ ወደቀ። የአንድ ወንድም ከባድ እጅ ራሴ ላይ አረፈ፤ ይገፋኛል ልበል ወይስ ይደግፈኛል፣ እንጃ። ሰዓቱ ዘጠኝ አልፏል። ደክሞኛል፣ ርቦኛል፣ ከሁሉ ይልቅ ደግሞ ተራው የእኔ መሆኑን ሁሉም ያውቃል። ወደቅሁ። አፌንም ከፈትሁ። የወጣው ነገር በዚያ ሳምንት ለኬሚስትሪ ፈተና የሸመደድሁት የንጥረ ነገሮች ዝርዝር ነበር፤ ቤሪሊየሙን ከአርጎን፣ ፖታሲየሙን ከቦሮን ቀላቅዬ፣ ምላሴን እያጠፍሁ። አሁን ሳስበው ያስቀኛል፤ ያን ጊዜ ግን አላሳቀኝም፤ ምክንያቱም ከወደቅሁበት ያነሣኝ አባቴ ነው። አቀፈኝ። ጺሙ አንገቴ ላይ ረጥቦ ነበር። «ልጄ» አለኝ። በማግስቱ የራሱን መጽሐፍ ቅዱስ ሰጠኝ፤ በደርግ ጊዜ ጎተራ ውስጥ ከገብስ ሥር ተቀብሮ የከረመውን። ዛሬም ገጾቹ መካከል ብናኝ አለ።

በዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዓመቴ ላይ አንድ የመኝታ ክፍል ጓደኛዬ ጥራዙ የተገነጠለ የእንግሊዝኛ መጽሐፍ አዋሰኝ። የጄምስ ባልድዊን «ሂድና በተራራው ላይ ተናገር» ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1953 የታተመ፣ የጸሐፊው የመጀመሪያ ልቦለድ። መዝገበ ቃላት ጭኔ ላይ አድርጌ በአንድ ወር ጨረስሁት። ታሪኩ የሚፈጸመው በኒው ዮርክ በጥቁሮች ሰፈር በሐርለም፣ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 1935፣ በአንዲት ቅዳሜና እስከ እሑድ ንጋት ባለው ሌሊት ነው። ጆን ግራይምስ የሚባል ልጅ በዚያች ቅዳሜ አሥራ አራት ዓመት ይሞላዋል። አባቱ ገብርኤል ሰባኪ ነው። ሰው ሁሉ ጆን ሲያድግ እንደ አባቱ ሰባኪ ይሆናል ይላል፤ ልጁ ግን አባቱን ይጠላል፤ ስለ ጥላቻውም ሲኦል እንደሚገባ ያምናል። ሌሊቱ ሳይነጋ በመሠዊያው ፊት ይወድቃል።

እኔ እዚህ ላይ መጽሐፉን ዘግቼ ወደ ውጭ ወጣሁ።

መቼም የእኛ አገር አንባቢ ይህን ልቦለድ ሲያነብ አንድ ጥቅም አለው፤ ስሞቹ እንግዳ አይሆኑበትም። እናትየዋ ኤልሳቤጥ፣ ልጁ ጆን፣ ማለትም ዮሐንስ፣ አባትየው ገብርኤል። የሉቃስን ወንጌል የሰማ ሁሉ ገብርኤል የዮሐንስን መወለድ ያበሠረ መልአክ እንጂ የወለደው አባት እንዳልሆነ ያውቃል። ባልድዊንም ይህን አውቆ ነው ያደረገው፤ ገብርኤል የጆን እንጀራ አባት ነው። አንባቢው ይህን ያውቃል፤ ጆን ግን መጽሐፉ እስኪያልቅ አያውቅም። ለምን እንደማይወደድ ሳያውቅ፣ ጥፋቱ የራሱ መስሎት፣ ፍቅርን በጸሎት ሊገዛ ይደክማል። ጠዋት ቤት እንዲጠርግ ታዝዞ ምንጣፉን ሲጠርግ አቧራው ተመልሶ የሚያርፍበት ቦታ አለ፤ እኔ ከስብከቱ ሁሉ ይልቅ ይህች አቧራ ነች የያዘችኝ።

መጽሐፉ በሦስት ክፍል ተከፍሏል። የሦስተኛው ክፍል ርእስ «አውድማው» ነው። በእነርሱ ዘንድ አውድማ ማለት ከመሠዊያው ፊት ያለው ወለል ነው፤ ነፍስ እንደ እህል የምትወቃበት፣ ፍሬው ከገለባው የሚለይበት። ለሐርለም ልጅ ይህ ከመጽሐፍ ቅዱስ የመጣ ምሳሌ ብቻ ነው፤ ጆን አውድማ በዓይኑ አይቶ አያውቅም። እኔ ግን ያደግሁበት ነው። ነዶው ሲከመር፣ ወለሉ በእበት ሲለቀለቅ፣ በሬዎቹ በክቡ ሲዞሩ። አያቴ አውድማ በጫማ አያስረግጡም ነበር፤ ክፉ ቃልም አያስወጡም። እንግዲህ እነዚያ አሜሪካውያን ጥቁሮች ከእርሻው ከተነቀሉ በኋላ ቃሉን ብቻ ይዘው ከደቡብ ወደ ሰሜን ተሰደዱ ማለት ነው። ይህ ሐሳብ ሲመጣልኝ ከጆን ጋር ዘመዳሞች የሆንን መሰለኝ። (ታሪኩ ከተፈጸመበት ወር በኋላ ሰባት ወር ሳይሞላ ጣልያን አገራችንን ወረረ፤ በሐርለምም በሺህ የሚቆጠሩ ሰዎች ለኢትዮጵያ ሰልፍ ወጥተዋል። የገብርኤል ጸሎት ቤት ሰዎች ስለ እኛ ጸልየው ይሆን እያልሁ አስባለሁ፤ ልቦለድ መሆኑን እየረሳሁ።)

በመኝታ ክፍላችን በዚህ መጽሐፍ ምክንያት ሁለት ሌሊት ክርክር ነበር። አንዱ ጓደኛዬ «ባልድዊን ሃይማኖትን የሚያጋልጥ ደራሲ ነው፤ ጆን በድካምና በፍርሃት ተታለለ» አለ። ሌላው ደግሞ «ምንም ቢሆን ልጁ ድኗል፤ ጠዋት ሲወጣ ፊቱን አላያችሁም?» አለ። እኔ ሁለቱም የተሳሳቱ ይመስለኛል። ባልድዊን ራሱ የሰባኪ እንጀራ ልጅ ነበር፤ በአሥራ አራት ዓመቱ ሰባኪ ሆኖ በአሥራ ሰባት ዓመቱ ትቶ ወጥቷል። ይህን ልቦለድ አሥር ዓመት ያህል ሲታገለው ኖሮ የጨረሰው በስዊዘርላንድ ተራራ ላይ ባለች ትንሽ መንደር ውስጥ ነው። የሚሳለቅ ሰው አሥር ዓመት አይደክምም። የጆንን መውደቅ የጻፈው ከውስጥ ሆኖ ነው። ነገር ግን ያየውን አልደበቀም፤ ልጁ ከአባቱ ለማምለጥ ወደ አባቱ አምላክ ነው የሮጠው። እዚያ ደርሶም ማን እንደ ተቀበለው ደራሲው አይነግረንም።

ከሁሉ የበለጠ የመታኝ ግን ንጋቱ ነው። ጆን ተነሥቶ በመንገድ ላይ ከአባቱ ጋር ፊት ለፊት ሲቆም ገብርኤል ፈገግ አይልለትም። የፈለገው ሁሉ ተፈጽሞለት፣ ልጁ ወድቆ ተነሥቶለት፣ ደስ አይለውም! ምክንያቱም የተመረጠው ልጅ የገዛ ሥጋው እንዲሆን ነበር የሚሻው፤ የገዛ ልጁ ሮይ ግን በዚያው ቀን በስለት ተወግቶ ቤት ተኝቷል። ገብርኤል ደግሞ የሚሸሽገው ነገር አለ፤ በወጣትነቱ ከአስቴር የወለደው፣ ሮያል የሚባል፣ ልጄ ሳይለው የሞተ ልጅ። እኅቱ ፍሎሬንስ ይህን የሚመሰክር ደብዳቤ ሠላሳ ዓመት ያህል ይዛ ቆይታለች። በጉባኤ ፊት እንደ ብረት የቆመ ሰው ጓዳው ውስጥ ምን እንዳለው ባልድዊን ያውቃል።

እኔን እንግዲህ በተቃራኒው ነው የገጠመኝ። ጆን እውነቱን ወድቆ አባቱ ፊቱን አጠቆረበት። እኔ ውሸቴን ወድቄ አባቴ አቀፈኝ። የትኛው ይከፋል? ጆን ቢያንስ የእርሱ የሆነ ነገር አለው። እኔ ያለኝ እቅፍ ለሌላ ልጅ፣ ላልነበረ ልጅ የተሰጠ ነው።

ብቻዬን ነኝ ብዬ ነበር። በኋላ ግን የላንግስተን ሂዩዝን «ታላቁ ባሕር» አገኘሁ፤ እ.ኤ.አ. በ1940 የታተመ የሕይወት ታሪኩ ነው። ሂዩዝ በአሥራ ሦስት ዓመቱ ገደማ አክስቱ በወሰደችው ጉባኤ ላይ ኢየሱስን በዓይኑ ለማየት ሲጠብቅ ሲጠብቅ ይቀራል፤ ከአጠገቡ የነበረው ልጅ መቀመጥ ሰልችቶት ሲነሣ እርሱም ተነሣ። ሌሊቱን ስለ ዋሸ አለቀሰ፤ አክስቱ ግን መንፈስ ቅዱስ ገብቶበት ነው አለች። ሪቻርድ ራይትም «ጥቁር ልጅ» በሚለው መጽሐፉ እናቱን በሰው ፊት ላለማሳፈር ብሎ እንደ ተጠመቀ ይናገራል። ለካ እኛ ብዙ ነን! ደስ አለኝ፤ ወዲያው ደግሞ አፈርሁ፤ እነርሱ ጽፈውታል፣ እኔ ግን ለማንም አልተናገርሁም።

በእኛ ልቦለድስ? የሐዲስ ዓለማየሁ በዛብህ ይታወሰኛል። እርሱ ገና ልጅ ሳለ እናቱ ተስላ ለእግዚአብሔር የሰጠችው ልጅ ነው። ሳይጠየቅ የተሰጠ። የስለት ልጅ መሆንና የሽማግሌ ልጅ መሆን ያው አንድ ነው፤ ሌላ ሰው የገባውን ቃል በገዛ ሥጋህ ትከፍላለህ። በዛብህ ግን የእናት ፍቅር አልጎደለበትም፤ በዚህ ከጆን ይለያል፤ ነገሩን ማስፋት ይቻል ነበር፣ ገጽ እያለቀብኝ ስለሆነ ልተወው።

ባለፈው ታኅሣሥ ለእረፍት ወደ ቤት ሄድሁ። በሜዳው በኩል አጨዳው በኮምባይነር ነው። ካዱ የተባለው የጭላሎ እርሻ ልማት በ1960 ዓ.ም. ገደማ በስዊድን እርዳታ ከተቋቋመ ወዲህ መኪናው ለአርሲ እንግዳ አይደለም። እኛ ተረተር ላይ ግን ኮምባይነር አይወጣም፤ ዛሬም በበሬ ነው የምናበራየው። ከቀትር በኋላ በሬዎቹን አውጥተን፣ አባቴ መንሹን እኔ ላይዳውን ይዘን፣ ነፋስ ስለ መጣ ገብሱን ወደ ላይ እየበተንን ነበር። እርሱ ስለ ትምህርቴ ጠየቀኝ። ስለ መጽሐፉ አወራሁለት፤ አውድማ ስለሚለውም ነገር። ደስ ብሎት ሰማኝ። ከዚያ እንዴት እንደ ጀመርሁ አላውቅም፤

«አባዬ፣ ያን ሌሊት የወደቅሁት ውሸቴን ነው» አልሁት።

ሦስት አራት ጊዜ በመንሹ አንሥቶ በተነ።

«የትኛውን ሌሊት?»

«የአሥራ አራት ዓመቴን።»

«ልሳኑስ?»

«የኬሚስትሪ ነበር።»

ይስቃል ብዬ ነበር። አልሳቀም። «እናትህ ታውቃለች?» አለኝ። አታውቅም አልሁት። «አትንገራት» አለ። ጥቂት ቆይቶ ፊቱን ወደ ጭላሎ አዙሮ፣ «እኔንም እጅህን አንሣ ብለውኝ ነበር» አለ።

የሚቀጥለውን ጠበቅሁ። በየጉባኤው የሚነገረው ታሪክ ከዚህ በኋላ «እምቢ አለ» ነው የሚለው። እርሱ ግን አልቀጠለም። እኔም አልጠየቅሁም።

ነፋሱ ቆመ። ያለ ነፋስ ገለባው አይለይምና ላይዳውን ምርቱ ላይ ሰክቼ አውድማው ዳር ተቀመጥን። አባቴ ከኪሱ ቆሎ አውጥቶ ግማሹን ሰጠኝ።

«ያ ልጅ፣» አለኝ፣ «ጆን ያልኸው፤ አባቱ በመጨረሻ አቀፈው?»

«አላቀፈውም» አልሁት።

ቆሎውን እየቆረጠመ ወደ በሬዎቹ ይመለከት ነበር። ነፋሱ እስኪመለስ ተቀምጠን ጠበቅን።