አንዲት ብርጭቆ በኮር ዊሊያም

ሰው ከአገሩ ርቆ ሲኖር ቤቱን ቤት የሚያሰኘው የግድግዳው ውበት ሳይሆን የምሽቱ ጨዋታ ነው። በጁባ ከተማ ኮር ዊሊያም በተባለው ሠፈር የምንኖር ኢትዮጵያውያን ይህን በሚገባ እናውቀዋለን። «ኮር» በዐረብኛ ዝናም ሲጥል የሚሞላ፣ በበጋ የሚደርቅ ወንዝ ማለት ነው። በየካቲትና በመጋቢት ሙቀቱ ወደ 38 ዲግሪ ሲጠጋ ሰውም እንደ ወንዙ ይደርቃል። ታዲያ ቅዳሜ ማታ፣ ራት ተበልቶ ልጆች ከተኙ በኋላ፣ እኛ ባልና ሚስት አንዳንድ ብርጭቆ ጂን በቶኒክ ይዘን የሳምንቱን ነገር እንጫወታለን።

አሠራሩ ቀላል ነው። አንድ መለኪያ ጂን፣ ሦስት መለኪያ የቀዘቀዘ ቶኒክ፣ ፈልቶ ከቀዘቀዘ ውሃ የተሠራ በረዶና አንድ ቁራጭ ሎሚ ይበቃሉ። ጋዙ እንዳይጠፋ ቶኒኩ በመጨረሻ፣ በቀስታ ይቀዳል። በአገር ቤት ጂንን በአምቦ ውሃ የሚወዱ አሉ፤ ነገር ግን አምቦ የቶኒክ ምሬት የለውም።

የዚህ ምሬት ታሪክ ከወታደር ኑሮ ጋር የተያያዘ ነው። ምሬቱ የሚገኘው ከሲንኮና ዛፍ ልጣጭ ከሚወጣው ኪኒን ነው፤ ዛሬ ማናቸውንም እንክብል «ኪኒን» የምንለው ከዚሁ መድኃኒት ስም ተነሥተን ነው። በ1820 እ.ኤ.አ. ፔሌቲዬና ካቫንቱ የተባሉ ፈረንሳውያን ሊቃውንት ከልጣጩ ለይተው አወጡት። በሕንድ የነበሩ የእንግሊዝ ወታደሮች ለወባ መከላከያ ሲታዘዝላቸው፣ ምሬቱን ለማብረድ ከስኳር፣ ከውሃና ከጂን ጋር ይቀላቅሉት እንደ ነበር ይነገራል።

ከዚህ የተነሣ «ቶኒክ የሚጠጣን ወባ አይደፍረውም» የሚሉ ወዳጆች አሉን። ይህ ሕይወት የሚያስከፍል ስሕተት ነው። በአሜሪካ ደንብ መሠረት በአንድ ሊትር ቶኒክ ውስጥ ከ83 ሚሊግራም የበለጠ ኪኒን አይፈቀድም። አንድ ሕመምተኛ በኪኒን ሲታከም ግን በቀን 1,800 ሚሊግራም ያህል ያስፈልገዋል። ይህንን ከቶኒክ እናግኝ ብንል በየቀኑ ከ20 ሊትር በላይ መጠጣት ሊኖርብን ነው! ጁባ ደግሞ ወባ ዓመቱን ሙሉ የማይለያት ከተማ ናት። ስለዚህ መከላከያችን አጎበር ነው፤ ትኩሳት ሲሰማን መድኃኒታችን ሳይውሉ ሳያድሩ መመርመርና ሐኪም ያዘዘውን እስከ መጨረሻው መዋጥ ነው።

በቤታችን ለዚህች ብርጭቆ ሕግ አበጅተንላታል። በማግሥቱ ጎሕ ሲቀድ ሥራ የሚገባ፣ በሌሊት ለጥበቃ የተመደበ፣ መድኃኒት የጀመረ አይቀምሳትም። ነፍሰ ጡር እናትም ሎሚ በውሃ ይበቃታል። ሁለተኛ ብርጭቆ አይቀዳም፤ ለልጆች ቀለብና ለአገር ቤት ወላጆች የተመደበው ገንዘብ ለጂን አይነካም።

ውድ አንባብያን፤ መጠጥ ጨዋታን ካደመቀ በቂ ሥራውን ሠርቷል። ከዚያ ካለፈ ጨዋታውን ራሱን ይወስድብናል። እኛ የምንጠብቀው ጨዋታውን ነው።