ዱካክን ማን ይቻለው?

እስኪ አንድ ጥያቄ ላንሳ። ሌሊት ዓይናችሁ ተከፍቶ፣ የዶርሙን ጣሪያ እያያችሁ፣ የጓደኛችሁን ማንኮራፋት እየሰማችሁ፣ ጣታችሁን እንኳ ማንቀሳቀስ አቅቷችሁ ያውቃል? ደረታችሁ ላይ ከባድ ነገር ተጭኖ፣ መጮህ ፈልጋችሁ ድምፃችሁ እምቢ ብሏችሁ? «አዎ» የምትሉ ጥቂት እንደማትሆኑ እገምታለሁ። አገሬው ለዚህ ነገር ስም አለው፤ ዱካክ ይለዋል።

እኔ ያደግሁት ከሚሴ አካባቢ፣ ጨፋ ሮቢት ነው። በእኛ ሰፈር ዱካክ እንደ ወባ የታወቀ ነገር ስለሆነ «ምንድን ነው?» ብሎ የሚጠይቅ የለም። አያቴ «በጀርባህ አትተኛ፣ ዱካክ ይጫንሃል! ቢስሚላሂ በልና በጎንህ ተኛ» እያለች ነው ያሳደገችን። ከሁሉ ይበልጥ የሚፈሩት ግን ጫት ቃሚዎች ናቸው። ጫት በቀረ ማታ ሀራራው ሳያንስ ዱካክ ይጨመርበታል ይላሉ። አጎቴን አንድ ቀን «ለምን አይተዉትም?» ብላቸው፣ «ልተው ብዬ ነበር እኮ፤ ዱካኩን ማን ይቻለው!» አሉኝ። ሦስት ሌሊት ሙሉ ጥቁር ነገር ሲያንቃቸው አድሮ፣ በአራተኛው ቀን ወደ ምርቃናቸው ተመለሱ። እኚህ ሰው የሚቅሙት ደስታ ፈልገው ብቻ እንዳልሆነ ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ሌሊቱን ፈርተውም ነው።

ለመሆኑ ሳይንስ ምን ይላል? እንቅልፋችን አንድ ወጥ አይደለም። እ.ኤ.አ. በ1953 ዩጂን አሰሪንስኪ እና ናትናኤል ክላይትማን የተባሉ የቺካጎ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች፣ የተኛ ሰው ዓይን ከቆቡ ሥር በፍጥነት የሚንቀሳቀስበት ሰዓት መኖሩን ገለጹ። ጎላ ያለ ሕልም የምናየው በአብዛኛው በዚህ ሰዓት ነው። በሕልማችን ስንሮጥ ከአልጋ ወርደን እንዳንሮጥ አንጎላችን ጡንቻዎቻችንን ያስራቸዋል። መተንፈሻችንና ዓይናችን ብቻ ሥራቸውን ይቀጥላሉ። አንዳንዴ ታዲያ አእምሮ ቀድሞ ይነቃና ሰውነት እንደታሰረ ይቀራል። ሕልሙም ገና አላለቀም፤ በተከፈተ ዓይን ፊት ይቀጥላል። ጥግ ላይ የቆመው ጥላ፣ ደረት ላይ የተቀመጠው ፍጡር ከዚህ ይመጣል። በፈለጉት መጠን አየር መሳብ ስለማይቻል ደግሞ የታነቁ ይመስላል።

ይህ የእኛ አገር ጣጣ ብቻ እንዳይመስላችሁ። ጃፓኖች ካናሺባሪ ይሉታል። በካናዳዋ ኒውፋውንድላንድ ደረት ላይ የምትወጣ አሮጊት ናት ይባላል። ሄንሪ ፊዩስሊ የተባለው ሠዓሊ እ.ኤ.አ. በ1781 የተኛች ሴት ደረት ላይ ጉብ ያለ ፍጡር ሥሏል። እ.ኤ.አ. በ2011 ብራያን ሻርፕለስ እና ዣክ ባርበር የ35 ጥናቶችን ውጤት ሰብስበው ሲያዩ፣ ከጠቅላላው ሕዝብ 7.6 በመቶው፣ ከተማሪዎች ግን 28.3 በመቶው ቢያንስ አንድ ጊዜ ደርሶበታል። እንቅልፍ ማጣት፣ የተዛባ የመኝታ ሰዓትና ጭንቀት ያባብሱታል። ፈተና ሲደርስ እንዴት እንደምናድር ለምናውቀው ለእኛ ቁጥሩ አይገርምም። በጀርባ ተኝቶ መያዝም የበዛ ነው። አያቴ ያለ ላቦራቶሪ ደርሳበታለች ማለት ነው!

ወደ ጫቱ ስንመለስ፣ ቅጠሉ ውስጥ ያለው ካቲኖን የሚባል ቅመም ሰውን ያነቃል፣ እንቅልፍንም ያዛባል። እንዲህ ያሉ አነቃቂ ነገሮች የሕልሙን እንቅልፍ ይሻሙታል። ሲቆሙ አንጎል የተወሰደበትን እንደ ዕዳ ማስመለስ ይጀምራል፤ ሕልሙ ይበዛል፣ ይከብዳል። ዕዳ ግን ተከፍሎ ያልቃል።

ይህንኑ ለእረፍት አገር ቤት በገባሁ ጊዜ ለአጎቴ እንደሚሆን አድርጌ ነገርኳቸው። ዝም ብለው ሰሙኝና «ታዲያ ስንት ቀን ነው የሚቆየው?» አሉኝ። ዱካክ የሚቆጠር ቀን እንዳለው አስበው አያውቁም ነበር። «ሰው በሰው ይለያያል፤ ግን ያልፋል። ጤና ጣቢያም ሄደው ያማክሩ» አልኳቸው። «እስኪ» ብለው ዝም አሉ። ይተዉ አይተዉ የእሳቸው ነገር ነው። እኔን ግን ያቺ አንዲት ጥያቄ ብዙ አስተማረችኝ።

እኛ ነገ ጋዜጠኛ ነን የምንል ልጆች ስለ ዱካክ ጻፉ ብንባል፣ ግማሾቻችን «ሰይጣን ነው» ብለን አንባቢን እናስፈራራለን፤ ግማሾቻችን «ኋላ ቀር እምነት ነው» ብለን እናልፈዋለን። ሁለታችንም ሰውዬውን አልሰማነውም። «ዱካክ ያዘኝ» የሚል ሰው አይዋሽም፤ ያየውን አይቷል። «ምንም አይደለም» ማለት ፍርሃቱን ከነሌሊቱ ለእሱ ትቶ መሄድ ነው። ከየት እንደሚመጣና እንደሚያልፍ በሚገባው ቋንቋ ሲነገረው ግን ቢያንስ ቀን መቁጠር ይችላል።

እንግዲህ ለማንኛውም፣ በሰዓታችሁ ተኙ፣ በጎናችሁ ሁኑ። ከያዛችሁም አትታገሉ፤ አንዲት ጣት ለማንቀሳቀስ ሞክሩ፣ በጥቂት ደቂቃ ውስጥ ይለቃል። ከተደጋገመና ቀን ቀንም እንቅልፍ ከጣላችሁ ሐኪም ጋ ሂዱ። ዶርም ውስጥ የሚቃዥ ጓደኛ ካላችሁ ደግሞ ጠዋት አትሳቁበት፤ ምን እንዳየ ጠይቁት።

ደህና እደሩ!