አሥራ ስድስት ሰዓት

ሜሪላንድ ውስጥ ሽጉጥ ታጥቆ ለመውጣት ፈቃድ የሚጠይቅ ሰው መጀመሪያ የ16 ሰዓት ሥልጠና መውሰድ አለበት። የምሠራው ሱቅ ውስጥ ነው፤ ሌሊት። አንድ ምሽት አንዱ ጩቤ ካወጣብኝ ወዲህ እንቅልፍ ስላጣሁ ተመዘገብኩ።

እውነት ለመናገር ልቤ ያለው ተኩሱ ላይ ነበር። የአያቴ ምንሽር ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ እያየሁ ስላደግሁ ጠመንጃ የማውቅ ይመስለኝ ነበር (አንድም ቀን አላስነካኝም እንጂ!)።

ጄፍ ኩፐር የሚባል አሜሪካዊ፣ እ.ኤ.አ. በ1976 አሪዞና ውስጥ የተኩስ ትምህርት ቤት የከፈተው፣ ሥልጠናው ላይ የተማርናቸው አራት ሕጎች አሉት። መሣሪያን ሁሉ እንደጎረሰ ቁጠር። ልታጠፋው በማትፈልገው ነገር ላይ አፈሙዝ አታዙር። አልመህ ለመተኮስ እስክትወስን ጣትህን ከቃታው አርቅ። አራተኛው ላይ ግን ቆም አልኩ፦ ዒላማህን ለይ፣ ከኋላው ያለውንም እወቅ። አገር ቤት ሠርግ ላይ ወደ ሰማይ የሚተኮሰው ትዝ አለኝ። ከኋላው ያለው ሰማይ ብቻ ይመስለን ነበር። የወጣ ጥይት ይወርዳል እኮ!

አሠልጣኙን "ያ ባለጩቤ ቢመለስስ?" አልኩት።

"ብሩን ስጠው" አለኝ፤ ቀና ብሎም አላየኝ። "ሽጉጥ የሚወጣው ነፍስህ አደጋ ላይ ስትወድቅ፣ ሌላ መውጫ ስታጣ ነው። ለካዝና አይደለም።"

ለዚህ ነው እንዴ ያን ሁሉ ገንዘብ የከፈልኩት?

ፈቃዱ ወጥቷል። ሽጉጡን ግን እስካሁን አልገዛሁም። ሌሊት የምትሠሩ ወገኖቼ፣ እናንተስ እንዴት ናችሁ?