የሰርቨሩ ባለቤት ማን ነው?

ፖለቲካ ፍለጋ ወደዚህ ገጽ ለምትመጡ አንባብያን ስለ ተኩስ ጨዋታ መጻፌ ሳያስገርማችሁ አይቀርም። ነገሩ ግን ከወትሮው ጉዳያችን የራቀ አይደለም፤ ደንቡን ማን ያወጣል? በሩንስ ማን ይዘጋል? የሚል ነውና።

እ.ኤ.አ. በ1996 «ኩዌክ» ሲወጣ፣ ገዢው ከጨዋታው ጋር ሰርቨሩን ማለትም ማስተናገጃውን ጭምር በእጁ ያደርግ ነበር። ኮምፒውተርና መስመር ያለው ሁሉ የራሱን ቤት ከፍቶ እንግዳ መቀበል ይችላል። በ1999 ሚን ሊ እና ጄስ ክሊፍ የተባሉ ሁለት ወጣቶች የቫልቭን «ሃፍ ላይፍ» ለውጠው «ካውንተር ስትራይክ»ን ሠሩ። «ደስት» የተሰኘውን ዝነኛ ካርታ ያበጀውም የኩባንያ ተቀጣሪ አልነበረም፤ ገና ተማሪ የነበረው እንግሊዛዊው ዴቭ ጆንስተን ነው።

እኛ ዘንድ ኢንተርኔት በአንድ የመንግሥት ኮርፖሬሽን እጅ ስለ ነበር፣ በስልክ መስመር ከውጭ አገር ሰርቨር ጋር መጫወት የማይታሰብ ነበር። ሁለት ሜጋባይት የምትመዝን ካርታ ለማውረድ ቢቀና አምስት ደቂቃ፣ ካልቀና ግማሽ ቀን ይፈጃል። ስለዚህ እኔ የማዘወትረው የአዲስ አበባ ጌም ቤት አሥር ኮምፒውተሮችን በገመድ አያይዞ ራሱን ችሎ ይኖር ነበር። ካርታ በሲዲ ከሰው ሰው ይዞራል። ደንቡ በግድግዳ ላይ ተለጥፏል፦ በጠባብ ካርታ ስናይፐር ክልክል ነው፤ እናት የሰደበ ይወጣል፤ ቀጣዩ ካርታ እጅ በማውጣት ይመረጣል። በአገራችን ምርጫ ምን ያህል ድምፅ እንደ ተቆጠረ ስንከራከር በኖርንበት ዘመን፣ እዚያች ክፍል ውስጥ ግን የወጣው እጅ ሁሉ ይቆጠር ነበር።

እኔም የተወለድሁባትን የራቤልን ገበያ በ«ሃመር» ፕሮግራም ለመሥራት ወራት ፈጅቻለሁ፤ የመንዝን የድንጋይ ቤት፣ የሣር ክዳን፣ ከበስተ ጀርባ ገደል። ጓደኞቼ ዳገቱ ለአንዱ ወገን ያደላል ብለው አጉረመረሙ፤ ድምፅ ተሰጠ፤ ዳገቱን ዝቅ አደረግሁ።

ያ የሣር ክዳን ደግሞ ሌላ ታሪክ አለው። የጓሳን ሣር የመንዝ ሰዎች ለዘመናት ያስተዳደሩት የቄሮ ሥርዓት በሚባል የራሳቸው ሕግ ነበር። በአባ ቄራ መሪነት ሜዳው ለዓመታት ይከለላል፤ ጊዜው ሲደርስ ለአጨዳና ለግጦሽ ይከፈታል፤ ሕግ የጣሰ ይቀጣል። የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት የሕዝብ ሀብት ነው ተብሎ ሲታወጅ ሥርዓቱ ፈረሰ፤ የሁሉም የተባለው ሣርም ጠባቂ አጥቶ ተጎዳ። አዋጁ ለብዙ ጭሰኛ ነጻነት እንደ ነበር አልክድም። ቄሮም እንከን አልባ አልነበረም፤ ድርሻ የሚገኘው ከአስቦና ከጌራ በመወለድ ነበርና። የእኛም ጌም ቤት ሴት ልጅ የማትገባበት፣ ዋናው ኮምፒውተር ላይ የሚቀመጠው ጎረምሳ አንዳንዴ ንጉሥ የሚሆንበት ነበር። ይሁን እንጂ የከፋው ሰው ቀጣዩ መንደር ወዳለው ጌም ቤት መሄድ ይችል ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2009 አዲሱ «ኮል ኦፍ ዲውቲ» ለኮምፒውተር ተጫዋቾች የራስን ሰርቨር የማቆም መብት ነፍጎ ወጣ። ተጫዋቾች ፊርማ አሰባሰቡ፤ ኩባንያው አልሰማም። በመጋቢት 2024 ደግሞ ዩቢሶፍት «ዘ ክሩ» የተባለውን የመኪና ጨዋታ ሰርቨር ሲዘጋ፣ ገንዘባቸውን ከፍለው የገዙት ሰዎች ብቻቸውን እንኳ መጫወት አልቻሉም። አውሮፓውያን ይህን በመቃወም በ2025 ከ1 ሚሊዮን በላይ ፊርማ አሰባስበዋል። በአንጻሩ የ«ኩዌክ» ምንጭ ኮድ በ1999 ለሕዝብ ስለ ተለቀቀ፣ ዛሬም ማንም ቤቱን ከፍቶ ይጫወተዋል።

የራቤል ወጣቶች ዛሬ የሚጫወቱት በስልክ፣ ፍሪ ፋየርና ፐብጂ ነው። ሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ላይ በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ የአጎቴ ልጅ ደወለልኝ። «ወንድም ጋሼ፣ ስልኩ ሙሉ ቻርጅ ነው፤ ጓደኞቼም አጠገቤ ተቀምጠዋል። ጨዋታው ግን ግንኙነት የለም ይላል» አለኝ። አራት ልጆች በአንድ አግዳሚ ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው፣ አንዱ ከሌላው ጋር ለመጫወት የሩቅ ኩባንያ ሰርቨርና የመንግሥት ፈቃድ ያስፈልጋቸዋል!

መንገደኛ ሲገኝ የድሮውን «ካውንተር ስትራይክ» ከነካርታዎቹ በፍላሽ ላክሁለት። ሁለት አሮጌ ኮምፒውተር በገመድ አያይዘው ጀምረዋል። ያቺን የራቤል ካርታ ሲከፍቱ መጀመሪያ የጠየቁኝ ገበያው ለምን እንዲህ ጠባብ ሆነ ብለው ነው፤ ሊያሰፉት ፕሮግራሙን እየፈለጉ ነው።